ግራጫ መኪና ስትቀባ ለምን አትመሳሰልም? ከኮዱ እስከ ክሊሩ

በሳምንት ሁለት ሦስቴ አንድ ዓይነት ጥያቄ ይመጣልኛል። «መኪናዬ ግራጫ ናት። በሯ ተገጭቶ አስቀባሁት። አሁን በሩ ከሌላ መኪና ተፈቶ የመጣ ይመስላል። ቀለሙን አጭበርብረውኝ ነው?»

ብዙ ጊዜ ማንም አላጭበረበራችሁም። ቀለሙ ትክክለኛው ሊሆን ይችላል፤ አረጫጨቱ ነው የለወጠው። ወይም ኮዱ ልክ ሆኖ፣ መኪናዋ ግን ዓመታት ፀሐይ ላይ ቆማ ከኮዱ ርቃለች። ግራጫ በቆርቆሮ ውስጥ አይመሳሰልም። የሚመሳሰለው ላሜራው ላይ ነው። ስለዚህ አካሄዱን በተራ እነግራችኋለሁ። ራሳችሁ የምትረጩም ሆነ ጋራዥ አስገብታችሁ ከጎን የምትቆሙ ይጠቅማችኋል። የምሳሌ መኪናችን ብርማ ቶዮታ ኮሮላ ናት፤ የግራ የፊት በሯ ተመቷል፣ ባትላሜራው ሥራውን ጨርሷል፣ ቀለም ብቻ ቀርቷል።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- የቀለም ኮድ (ደረጃ 1 ላይ አሳያችኋለሁ)
- ቤዝ ቀለም (ግራጫውን የሚሰጠው፣ ከክሊሩ በታች ያለው ሽፋን)፦ ለአንድ በርና ለሁለቱ ጎረቤቶቹ ግማሽ ሊትር ያህል ቀጥኖ የተዘጋጀ
- ክሊር (ከላይ የሚለብሰው ቀለም የሌለው አንጸባራቂ ሽፋን) ከነሃርድነሩ (ማጠንከሪያው)፣ ለአየሩ ሙቀት የሚስማማ ቲነር (ማቅጠኛ)
- ግራጫ ፕራይመር (ከቀለሙ በፊት የሚቀባው መሠረት)
- ብርጭቆ ወረቀት፦ 400፣ 600፣ 1000 እና 2000 ቁጥር
- ስፕሬይ ጋን፣ አፉ 1.3 ወይም 1.4 ሚሊሜትር፤ ውኃ ማጥለያ ያለው ኮምፕሬሰር
- ግራም በነጥብ የሚለካ ሚዛን
- ለሙከራ የሚረጩ ካርዶች፣ ቢያንስ 5
- የቀለም ማጥለያ ወንፊት፣ ፕላስተር፣ መሸፈኛ ወረቀት፣ ቅባት ማስለቀቂያ
- ፖሊሽ
- ካርትሬጅ ያለው የመተንፈሻ ማስክ፣ ጓንት፣ መነጽር

ካርዱን ቀለም ቤት ካጣችሁ ከቀጭን ላሜራ ቆርጣችሁ ራሳችሁ ሥሩ። ፕራይመር ቀቡት፤ መሐሉ ላይ ግማሹ ጥቁር ግማሹ ነጭ የሆነ ነገር ለጥፉበት። ለምን እንደሆነ ኋላ ታዩታላችሁ።

መጀመሪያ ግን ይህን አንብቡ። የክሊር ሃርድነር ውስጥ አይሶሳያኔት የሚባል ነገር አለ። ሳንባን ያስቆጣል፤ አስም ያመጣል። አንዴ ሰውነታችሁ ከተቆጣ በኋላ ደግሞ ትንሽ ሽታ እንኳ ሊቀሰቅስባችሁ ይችላል። ሻሽ መጠምጠም፣ የሕክምና ማስክ ማድረግ ምንም አይሠራም። ካርትሬጅ ያለው ማስክ ትንሹ መስፈርት ነው፤ ንጹሕ አየር በቱቦ የሚያመጣው ደግሞ ትክክለኛው። የቲነር ትነት በቀላሉ ይቀጣጠላል፤ በምትረጩበት ግቢ ከሰል፣ ሲጋራ፣ ብየዳ አይኑር። ቡና እየተፈላ የሚረጭበት ጋራዥ አይቻለሁ፤ እናንተ አታድርጉት።

1. ኮዱን ፈልጉ

ሊብሬው «ግራጫ» ወይም «ብርማ» ይላል፤ ለቀለም ቤት ይህ ምንም ማለት አይደለም። ኮዱ መኪናዋ ላይ ነው። ቶዮታ ላይ በሾፌሩ በር ምሰሶ ላይ ወይም ኮፈኑን ስትከፍቱ በስተኋላ ግድግዳው ላይ የተመታ ሳህን አለ። «ሲ/ቲአር» (C/TR) የሚለውን መስመር እዩ። ከፊት ያሉት 3 ፊደልና ቁጥሮች የውጭ ቀለም ናቸው፤ ከጋደለችው ጭረት (/) ወዲያ ያለው የውስጥ ጨርቁ ነው። ብዙ ሰው ሁለቱን ደባልቆ ይጽፋል። ሂዩንዳይና ኪያ ላይ የበሩን ምሰሶ ፈትሹ። ቮልስዋገን ላይ ብዙውን ጊዜ ከኋላ፣ የስኮርት ጎማ ቦታ ላይ የተለጠፈ ወረቀት ታገኛላችሁ።

የእኛ ኮሮላ 1ኤፍ7 ይላል፤ ብርማ ሜታሊክ ነው። 1ጂ3 ቢል ጠቆር ያለው ሜታሊክ ግራጫ ይሆን ነበር። 1ኤች5 ደግሞ ሲሚንቶ የሚመስለው ግራጫ ነው። ሦስቱም በ1 ይጀምራሉ፤ ሊብሬ ላይ ሁሉም «ግራጫ» ቢባሉ አይገርምም።

ኮዱን በስልክ ፎቶ አንሱት። በቃል አትያዙት።

2. ግራጫው የትኛው ዓይነት እንደሆነ ለዩ

የስልካችሁን መብራት አብርታችሁ ወደ ላሜራው ቅረቡ። ምንም የሚብለጨለጭ ነገር ካላያችሁ ድፍን ግራጫ ነው። እንደ አሸዋ የሚያብረቀርቁ ብርማ ቅንጣቶች ካያችሁ ሜታሊክ ነው፤ አሉሚኒየም አለበት። ቅንጣቶቹ ሰማያዊ፣ ሮዝ ወይም ወርቃማ ካሉ ሚካ ያለበት ፐርል ነው።

ይህን መለየት የሚያስፈልገው ሥራው ስለሚለያይ ነው። ድፍን ግራጫ ከየትም ብታዩት ያው ነው፤ ጭንቀቱ ድምቀቱና ያዘለው ቀለም ብቻ ነው። ሜታሊክ ግን እንደ መስታወት ስብርባሪ ነው። ቅንጣቶቹ ጠፍጣፋ ተኝተው ከሆነ ፊት ለፊት ስታዩት ይበራል፣ ከጎን ይጠቁራል። ተንጋደው ከቆሙ ሌላ ቀለም ነው። ያው ቆርቆሮ፣ ያው ኮድ፣ ሁለት ግራጫ።

3. እጠቡ፣ ፖሊሽ አድርጉ

ከተመታው በር አጠገብ ያለውን ፓራፋንጎ (ከፊት ጎማው በላይ ያለውን ላሜራ) እና የኋላውን በር እጠቡና አንድ አንድ ስንዝር ቦታ ፖሊሽ አድርጉ። አቧራና የደከመ ክሊር ግራጫን ቢጫ ወይም ነጣ ያለ ያስመስለዋል። እሱን አይታችሁ ብትቀላቅሉ ከቆሻሻው ጋር ነው ያመሳሰላችሁት። መኪናው በታጠበ ቁጥር ልዩነቱ ይወጣል።

4. ቀለም ቤት ስትሄዱ የነዳጅ ክዳኗን ይዛችሁ ሂዱ

የነዳጅ መሙያው ክዳን በቀላሉ ይፈታል። ፖሊሽ አድርጋችሁ በፌስታል ይዛችሁ ሂዱ። ኮዱን ብቻ ስትሰጡ ሰውየው ኮምፒውተሩ ያወጣለትን የመጀመሪያውን ፎርሙላ ይቀላቅላል። አንድ ኮድ ግን ብዙ ጊዜ በርካታ ልዩነቶች አሉት። ፋብሪካው፣ ዓመቱ፣ ቀለሙን ያቀረበው ድርጅት ሲለያይ ቀለሙም ትንሽ ትንሽ ይለያያል። «ሌሎቹን ልዩነቶችም አሳየኝ» በሉት። የናሙና ካርዶች ካሉት ክዳኑ ላይ እያስጠጋችሁ ምረጡ። ቀለም የሚያነብ መሣሪያ ካለው ከብዙ ማዕዘን የሚያነበው መሆኑን ጠይቁ፤ ከአንድ አቅጣጫ ብቻ የሚያነብ መሣሪያ ለሜታሊክ አይሆንም።

የሚያስፈልጋችሁን ሁሉ በአንድ ጊዜ አስቀላቅሉ። አንሶ ተመልሳችሁ ስትሄዱ የሁለተኛው ቅልቅል ከመጀመሪያው ጋር ፍጹም አንድ አይሆንም።

5. ካርድ ረጩ

ይህን ደረጃ የሚዘለው ሰው ነው በኋላ የሚደውልልኝ። ቀለሙን በጣት ነክቶ በሩ ላይ መቀባት ሙከራ አይደለም። ክሊር ያልለበሰ ቤዝ ድፍዝዝ ያለ ነው፤ ክሊር ሲለብስ ይጠልቃል፣ ይጠቁራል።

ካርዱን በምትረጩበት ጋን፣ በዚያው ግፊት፣ በዚያው ርቀት ረጩ። ጥቁርና ነጩ ምልክት ሙሉ በሙሉ እስኪጠፋ ድረስ ስንት ሽፋን እንደፈጀ ቁጠሩና ከካርዱ ጀርባ ጻፉ። ምልክቱ ትንሽ እንኳ ከታየ ቀለሙ ገና አልሸፈነም፤ የታችኛው ፕራይመር እየታየ ነው የምትፈርዱት። ግማሹን ክሊር አልብሱት። አድርቁት።

6. ካርዱን በትክክለኛ ብርሃን ፈትሹ

መኪናዋን ከጣሪያ ስር አውጡ። ብዙ ጋራዥ ብርሃን እንዲያስገባ አረንጓዴ ወይም ሰማያዊ የፕላስቲክ ቆርቆሮ አለው፤ ግራጫ ያንን ቀለም ሁሉ ይጠጣል። ቀጥተኛ የቀትር ፀሐይም አይሆንም፤ ቅንጣቶቹ ያፈጣሉ እንጂ ቀለሙ አይታይም። ጥሩው፣ ሰማይ የሚታይበት ክፍት ጥላ ነው፤ ረፋድ ላይ ወይም ከሰዓት። ቀይ ቲሸርት ለብሳችሁ ከሆነ አውልቁት። ቀልዴን አይደለም፣ ብር ላይ ቀይ ያርፋል።

ካርዱን ከተመታው በር አጠገብ ባለው ላሜራ ላይ አስጠጉት። ጠርዙ ይንካ፤ አቀማመጡም አንድ ይሁን። በር ለመቀባት ኮፈን ላይ አታመሳስሉ፤ ኮፈን ወደ ሰማይ ነው የሚያየው። ከዚያ 3 ጊዜ እዩ፦ ፊት ለፊት ቆማችሁ፣ ግማሽ ዞር ብላችሁ፣ መጨረሻ ከላሜራው ጎን ተጠግታችሁ በርዝመቱ። በየማዕዘኑ ከ4 ከ5 ሰከንድ በላይ አትቆዩ። ዓይን ሲፈዝ ሁሉም አንድ ይመስላል። መጀመሪያ ያያችሁትን እመኑ።

ማታ ደግሞ በመንገድ መብራት ወይም በአምፖል አንዴ እዩት። ቀን ገጥሞ ማታ የሚለያይ ቀለም አለ፤ ሁለቱ የተሠሩት በተለያየ ቀለም ሰጪ ሲሆን ነው።

7. ልዩነቱን አርሙ፤ መጀመሪያ በጋኑ፣ ኋላ በቆርቆሮው

እዚህ ላይ ትዕግሥት ይጠይቃል። ካርዱ ሲለይ የሁሉም እጅ ወደ ጥቁር ቀለም ነው የሚሮጠው። ቆይ። ሜታሊክ ግራጫን በአረጫጨት ብቻ ብዙ መንገድ መውሰድ ይቻላል።

ደረቅ አድርጋችሁ ስትረጩ፣ ማለትም ራቅ ብላችሁ፣ ግፊት ጨምራችሁ፣ ቶሎ በሚደርቅ ቲነር፣ ቀለሙ ይነጣል። እርጥብ አድርጋችሁ ስትረጩ፣ ጠጋ ብላችሁ፣ ቀለም አብዝታችሁ፣ ቀስ ብሎ በሚደርቅ ቲነር፣ ይጠቁራል። ሙቀቱም ያው ነው። አዲስ አበባ ጠዋት ልክ የነበረ አረጫጨት ድሬዳዋ ቀትር ላይ ነጭ ያወጣል፤ ቀለሙ ላሜራው ላይ ሳይደርስ አየር ላይ ይደርቃልና። ለሙቅ ቦታ የሚዘገይ ቲነር የሚባለው ለዚህ ነው።

ይህን የተማርኩት በገንዘቤ ነው። ካርዱን ጠዋት በ3 ሰዓት ረጨሁ፤ ግጥም። ደንበኛው ቸኩሎ ነበርና በሩን በ7 ሰዓት፣ ፀሐይና ንፋስ ባለበት ረጨሁት። ፊት ለፊት ምንም አይል። በማግስቱ መጣ፤ መኪናዋን ግድግዳ አስጠግቶ ከኋላ በኩል አቆመኝና «እስቲ ከዚህ ሆነህ እየው» አለኝ። በሩ እንደ ነጭ ሽንኩርት ቅርፊት ነጥቶ ብቻውን ቆሟል። ቀለሙ ያው፣ ጋኑ ያው፣ ሰዓቱ ብቻ ተለወጠ። በነጻ ደገምኩት።

አረጫጨቱን አስተካክላችሁም ካልገጠመ ወደ ሚዛኑ እንሄዳለን። ሦስት ጥያቄ በዚህ ቅደም ተከተል ጠይቁ።

አንደኛ፣ ካርዱ ከመኪናዋ ይነጣል ወይስ ይጠቁራል? ከነጣ ጥቁር ይጨመራል፤ በ100 ግራም ግማሽ ግራም ያህል፣ ከዚያ አዲስ ካርድ። ከጠቆረ አሉሚኒየሙ ይጨመራል።

ሁለተኛ፣ ወደ ምን ያደላል? ፍጹም ግራጫ የሚባል መኪና ብዙ የለም። አመድማው ወደ ቢጫ፣ አይጥማው ወደ ቡኒ፣ ብርማው ወደ ሰማያዊ ያደላል። አንዳንዱ አረንጓዴ አለበት። ካርዱ ከመኪናዋ በላይ ሰማያዊ ከሆነ በጣም ጥቂት ቢጫ ይመልሰዋል፤ ግን እያጠቆረው ነው የሚመልሰው፣ ስለዚህ በጠብታ። ፎርሙላው ውስጥ የሌለ ቀለም ግን አትጨምሩ። ያንን ስታደርጉ ነው ቀን ገጥሞ ማታ የሚለያየው።

ሦስተኛ፣ ፊት ለፊት ገጥሞ ከጎን ብቻ ከጠቆረስ? ይህ ከሁሉም ይከፋል። ትልልቅ የአሉሚኒየም ቅንጣት ፊቱን ያበራል፣ ጎኑን ያጠቁራል። ደቃቁ በተቃራኒው ነው። ከፊሉን በደቃቅ መተካት ወይም በጣም ጥቂት ነጭ መጨመር ጎኑን ያነጣዋል። ነጭ ሲበዛ ግን ብልጭታውን ይገድለዋል፤ ብሩ ወተት ይሆናል።

እያንዳንዱን ጭማሪ ጻፉ። 3 ካርድ ረጭታችሁ ተቀራርቦ ትንሽ ከቀረ አቁሙ። የቀረውን ደረጃ 10 ይጨርሰዋል።

8. ላሜራውን አዘጋጁ

ስቱኮውና ፕራይመሩ ያለበትን በ400፣ ቀጥሎ በ600 ጨርሱ። ብር ቀለም ውስጥ ጭረት ይበራል፤ ቁጥሩን አትዝለሉ። ሁለቱን ጎረቤቶች፣ ፓራፋንጎውንና የኋላውን በር፣ ሙሉ በሙሉ በ1000 ፍቃችሁ አንጸባራቂነታቸውን አጥፉ። እጀታና የጎን ላስቲክ ይፈታ። በፕላስተር ዙሪያውን መሸፈን ይቀላል፤ ግን ጠርዙ ላይ ቀለሙ በኋላ ይላጣል። ቅባት አስለቅቁ። መሬቱን ውኃ ርጩበት፣ አቧራው ይተኛል። የኮምፕሬሰሩን ውኃ አፍስሱ፤ በተለይ ሐምሌና ነሐሴ።

9. ቤዙን ረጩ

ቀለሙን ከታች ጀምራችሁ በደንብ አማስሉ፤ አሉሚኒየም ይዘቅጣል። አጥልሉ። ጋኑ ላይ 2 ባር አካባቢ፣ ርቀቱ ከ15 እስከ 20 ሳንቲሜትር። እያንዳንዱ ምት ያለፈውን ከአራት ሦስት እጁን ይሸፍን፤ አለበለዚያ ብሩ ላይ እንደ ሜዳ አህያ ዥንጉርጉር ይወጣል። በሁለት ሽፋን መካከል ቀለሙ ድፍዝዝ እስኪል ጠብቁ። ካርዱ ጀርባ ላይ ስንት ሽፋን ብላችሁ ነበር? ያንኑ ስጡ።

መጨረሻ ላይ ከ25 እስከ 30 ሳንቲሜትር ራቁና ግፊቱን ትንሽ ቀንሳችሁ አንድ ስስ ሽፋን እንደ ካፊያ አውርዱበት። ቅንጣቶቹን እኩል የሚያስተኛቸው ይህ ነው። ካርዱም ላይ ይህንኑ አድርጋችሁ መሆን አለበት።

10. ወደ ጎረቤቱ አደብዝዙ

ፍጹም የገጠመ ግራጫ እንኳ በሁለት ላሜራ መገናኛ ላይ ቀጥ ብሎ ከቆመ ይታያል፤ ዓይን ጎን ለጎን ያለን ልዩነት አይስትም። ልዩነቱ በ30 ሳንቲሜትር ውስጥ ቀስ እያለ ከጠፋ ግን አያገኘውም። ስለዚህ ሁለተኛውን ሽፋን ከበሩ 10 ሳንቲሜትር ያህል አሳልፉት፤ ሦስተኛውን ከዚያ ትንሽ ይበልጥ። ጫፍ ላይ ስትደርሱ የእጅ አንጓችሁን እያዞራችሁ ማስፈንጠሪያውን ልቀቁ። ቀለም ቤቶች ብሌንደር የሚሉት ቀለም የሌለው ቤዝ አለ፤ እሱን ጎረቤቱ ላይ ቀድማችሁ ስትረጩ ጫፍ ላይ የሚያርፈው ብር ደርቆ ነጭ ጥላ አይሠራም።

ጋራዥ የምታስገቡ ከሆነ ዋጋ ስትነጋገሩ ይህን ጠይቁ፦ «በሩን ብቻ ነው ወይስ ጎረቤቶቹንም ታደበዝዛለህ?» በሩን ብቻ ርካሽ ነው። ሜታሊክ ከሆነ ግን ደግማችሁ ትከፍላላችሁ።

11. ክሊር

ሦስቱንም ላሜራ ከጫፍ እስከ ጫፍ ክሊር አልብሱ፣ ሁለት ሽፋን። ላሜራ መሐል ላይ የቆመ ክሊር ዛሬ ፖሊሽ ይሸፍነዋል፤ ከጊዜ በኋላ ግን መስመሩ ይወጣል። የሃርድነሩ መጠን ብዙዎቹ ላይ 2 ለ 1 ነው፤ ቆርቆሮው ሌላ ካለ ቆርቆሮው ያለው ይሁን። በዓይን አትገምቱ። አቧራ ከገባበት ጠጥሮ ከደረቀ በኋላ በ2000 ውኃ እየነካችሁ ፍቁና ፖሊሽ አድርጉ።

ፓራውልት ከሆነ

ፓራውልት (ባምፐሩ) ፕላስቲክ ስለሆነ ፋብሪካም ውስጥ ብዙ ጊዜ ለብቻው ነው የሚቀባው። አዲስ መኪና ላይ እንኳ ከፓራፋንጎው ትንሽ ሲለይ ታያላችሁ፤ ስለዚህ ከዚያ በላይ አትጠብቁ። እርቃኑን የወጣ ፕላስቲክ ላይ የፕላስቲክ ፕራይመር ካልቀደመ ቀለሙ እንደ ልጣጭ ይነሳል።

አንድ ከበድ ያለ ማስጠንቀቂያ፦ አዳዲስ መኪኖች፣ በተለይ አሁን የበዙት የኤሌክትሪኮቹ፣ ብዙዎቹ ከፓራውልት ጀርባ ራዳር አላቸው። አሉሚኒየም ያለው ቀለም ሲወፍር ራዳሩን ያደክመዋል። ከራዳሩ ፊት ለፊት ስቱኮ አትለጥፉ፤ አሮጌ ቀለም ላይ ደራርባችሁም አትቀቡ። አምራቹ የፈቀደውን ውፍረት ሳታውቁ አትጀምሩ።

ደጋግሜ የማያቸው ስህተቶች

- «ግራጫ ስጠኝ» ብሎ ያለ ኮድ መግዛት።
- የረጠበ ቀለም ከደረቀ ላሜራ ጋር ማመሳሰል።
- ቀለሙን አማስሎ፣ ምሳ በልቶ፣ ሳያማስሉ መርጨት። ብሩ ታች ነው ያለው።
- የመጀመሪያው ጋን አልቆ ሌላ ጋን መቀየር። የአፉ ስፋት ሲለወጥ ቀለሙም ይለወጣል።
- ነጭ ፕራይመር ላይ ጠቆር ያለ ግራጫ በሁለት ሽፋን ለመጨረስ መሞከር።
- በቆርቆሮ ስፕሬይ ሙሉ በር መቀባት። ለአውራ ጣት የምታህል ጭረት ይበቃል፤ ከዚያ በላይ ዥንጉርጉር ነው።

ሲያልቅ የገጠመውን ካርድ አትጣሉት። ከጀርባው ኮዱን፣ የጨመራችሁትን በግራም፣ የሽፋኑን ቁጥርና ግፊቱን ጻፉና ዳሽቦርዱ ኪስ ውስጥ ከቦሎው ወረቀት ጋር ክተቱት። የተረፈውንም ቤዝ በጠባብ ጠርሙስ ግጥም አድርጋችሁ ዝጉ። በሚቀጥለው ጊዜ የኋላው ፓራውልት ሲነካ ቀቢው ከደረጃ 8 ይጀምራል።